ሰላዩን ከታሪክ ክፍል አናባርር

ባለፈው ዕትም በዚሁ ግድግዳ ላይ ስለ ልብ ወለድና ስለ ታሪክ ትምህርት የወጣውን አስተያየት ያላነበበ ሠልጣኝ ያለ አይመስለኝም። ከምሳ መልስ ሰዉ ተጋፍቶ ሲያነበው ነበር። ባልደረባችን የጻፉት ባጭሩ ይኸው ነው፦ ነገ አስተማሪ የምንሆን ሰዎች የታሪክን ትምህርት በልብ ወለድ ማጣፈጥ የለብንም፤ ይልቁንም ሰላይ፣ ሰይፍ፣ ሌሊት በፈረስ መሸሽና ዙፋኑን የተነጠቀ መልከ መልካም ልዑል የሞላበት መጽሐፍ ተማሪውን ከማሳሳት በቀር ፋይዳ የለውም። ልጆቹ የተሸነፈውን ልዑል ይወዱና ለምን እንደተሸነፈ መጠየቁን ይረሱታል። ሰላይ ደግሞ ውሸታም ነው፤ ውሸታምን ጀግና ያደረገ መጽሐፍ ለልጅ አይሰጥም። ስለሆነም እንዲህ ያሉት መጻሕፍት ለማስተማር ልምምድ ስንወጣ ይዘናቸው ከምንሄደው ዝርዝር ይሰረዙ ብለዋል።

ጽሑፉ በጥንቃቄ የተጻፈ ነው፤ አንዳንዱ ነጥቡም የማይካድ ነው። በበኩሌ ግን ግማሹን ተቀብዬ ግማሹን እቃወማለሁ። የምቃወመውም በደፈናው ሳይሆን አንድ ጉዳይ ይዤ ነው። «መጽሐፍ ጥሩ ነው»፣ «የለም፣ መጥፎ ነው» መባባል የሻይ ቤት ወሬ እንጂ ክርክር አይሆንም።

የያዝኩት ጉዳይ በ1745 በስኮትላንድ የተነሣው የንጉሣውያን ዐመፅ ነው። (ዘመኑን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋለሁ።) የመረጥኩበትም ምክንያት ባልደረባችን የሚነቅፏቸው ዓይነት መጻሕፍት አብዛኞቹ ከዚህ ዐመፅ የተቀዱ ስለሆኑ ነው። ታሪካዊ ልብ ወለድ የሚባለውን ነገር ያስፋፋው የዋልተር ስኮት «ዌቨርሊ» በ1814 ሲታተም የተረከው ይህንኑ ነው። የሮበርት ሉዊስ ስቲቨንሰን «ኪድናፕድ»፣ ማለትም «የተጠለፈው»፣ በ1886 የወጣው፣ የዚህ ዐመፅ አመድ ገና ሳይበርድ የሆነውን ይተርካል። አሳጥረው ለተማሪ ያዘጋጁት ቅጂ በእኛም ቤተ መጻሕፍት አለ።

ነገሩን ለማያውቅ አንባቢ ጥቂት ላስረዳ። ንጉሥ ጀምስ 2ኛ ካቶሊክ በመሆኑና ከፓርላማው ጋር ባለመስማማቱ በ1688 ከዙፋኑ ተባረረ። ዙፋኑ ዞሮ ዞሮ በ1714 ከጀርመን አገር ለመጡት ለሃኖቨር ነገሥታት ደረሰ። የተባረረው ንጉሥ ወገኖች ግን ተስፋ አልቆረጡም። ጀምስ የሚለው ስም በላቲን ያኮቡስ፣ በእኛ ያዕቆብ ማለት ስለሆነ «ጃኮባይት» ተባሉ፤ ወደ አማርኛ ብናመጣው «ያዕቆባውያን» እንደማለት ነው። (ከሶርያ ቤተ ክርስቲያን ምእመናን ጋር እንዳይምታታብን።) የጀምስ የልጅ ልጅ ቻርልስ ኤድዋርድ ስቱዋርት ገና በ24 ዓመቱ ጥቂት ሰዎች ብቻ አስከትሎ ከፈረንሳይ በመርከብ መጣና ኦገስት 19 ቀን 1745 ግሌንፊናን በተባለ ሸለቆ ባንዲራውን ተከለ። በሴፕቴምበር ኤዲንብራን ያዘ፤ ፕሬስተንፓንስ ላይ የመንግሥቱን ጦር በደቂቃዎች ውስጥ በተነው። ወደ እንግሊዝም ዘለቀና ዲሴምበር 4 ቀን 5,000 ያህል ሰው ይዞ ደርቢ ገባ። ከዚያ እስከ ለንደን የቀረው 200 ኪሎ ሜትር ያህል ነበር። ደርቢ ላይ ግን ቆመ፤ ተመልሶም ሄደ። ኤፕሪል 16 ቀን 1746 ኩሎደን በተባለ ሜዳ ላይ አንድ ሰዓት ባልሞላ ጊዜ ውስጥ ዐመፁ አለቀ።

ለምን ተመለሰ? ሰላዩ የሚገባው እዚህ ላይ ነው።

ዲሴምበር 5 ቀን አለቆቹ ደርቢ ላይ ምክር ተቀመጡ። ልዑሉ «ወደ ለንደን!» ይላል። የጦሩ አዛዥ ሎርድ ጆርጅ መሬይ ደግሞ እንመለስ ይላል። በዚህ መሐል ደድሊ ብራድስትሪት የተባለ አየርላንዳዊ፣ በመንግሥቱ ተልኮ ወዳጅ መስሎ የገባ ጆሮ ጠቢ፣ ምክሩ ዘንድ ቀረበና «ኖርዝሃምፕተን ላይ 9,000 ወታደር መንገዱን ዘግቶ ይጠብቃችኋል» ብሎ ተናገረ። ኖርዝሃምፕተን ላይ እንዲህ ያለ ጦር አልነበረም። አንድም ወታደር ሳይኖር በአፍ ብቻ 9,000 ሰው ተሰለፈ! በማግስቱ ጦሩ ፊቱን ወደ ሰሜን መለሰ።

ይህን ለክፍል ተማሪ ብትነግሩት አፉን ከፍቶ ያዳምጣል። ልብ ወለድ ጸሐፊም ቢሆን ምዕራፉን እዚህ ላይ ይዘጋው ነበር፤ አንድ ሰው፣ አንድ ውሸት፣ አንድ ዙፋን። ባልደረባችን «አሳሳች» ያሉት ይህን ከሆነ ልክ ናቸው። ምክንያቱም ሎርድ ጆርጅ መሬይ «እንመለስ» ያለው ብራድስትሪት አፉን ሳይከፍት ነው። ልዑሉ «የእንግሊዝ ወገኖቻችን በገፍ ይነሣሉ» ብሎ ነበር፤ የተነሣው እፍኝ የማይሞላ ሰው ነው። «የፈረንሳይ ጦር በደቡብ በኩል ያርፋል» ብሎ ነበር፤ አላረፈም። ሁለት የመንግሥት ጦሮች አንዱ ከኋላ፣ አንዱ ከጎን እየቀረቡ ነበር። ደጋማው ወታደር ከቤቱ ርቋል፤ ክረምት ገብቷል። ሰላዩ የገፋው በር ቀድሞውንም ገርበብ ያለ ነበር ማለት ነው። ውሸት የሚሠራው ሊሰማው የፈለገ ጆሮ ሲያገኝ ነው።

ታዲያ ይህን ለተማሪ እንዴት ታስተምረዋለህ? መጽሐፉን ከመደርደሪያው በማውረድ ነው? እኔ እንደሚመስለኝ መጀመሪያ የሰላዩን ወሬ ታስነብበዋለህ፤ ልቡ ሲንጠለጠል «ቆይ፣ ይህን ማን ነገረን?» ትለዋለህ። የነገረን እኮ ራሱ ብራድስትሪት ነው! በ1755 የሕይወት ታሪኩን አሳትሞ ያችን ቀን በራሱ ክብር ሞልቶ ጻፋት። ደመወዝ የሚበላበትን ሥራ ያወደሰ ሰው ምን ያህል ይታመናል? ይህን ጥያቄ የጠየቀ የሰባተኛ ክፍል ልጅ የታሪክ ምንጭ እንዴት እንደሚመረመር ተማረ ማለት ነው፤ ያለ ምንም የተራዘመ ገለጻ። እኛ ግን «የታሪክ ምንጮች በሁለት ይከፈላሉ» ብለን ሰሌዳ ላይ እናስገለብጠዋለን፤ ልጁም ገልብጦ ይተኛል።

ሰላይን በሥነ ምግባር ስም የሚያባርር ሰው ታሪክ ጸሐፊው ራሱ የሰላይ ደብዳቤ እያነበበ እንደሚኖር የዘነጋ ይመስለኛል። በዚህ ዐመፅ ላይ ከተጻፉት መጻሕፍት ሁሉ የሚያስደንቀኝ አንድሩ ላንግ በ1897 ያሳተመው «ሰላዩ ፒክል» የተባለው ነው፤ ይህ ልብ ወለድ አይደለም። ከኩሎደን በኋላ ባሉት ዓመታት «ፒክል» በሚል የሐሰት ስም የያዕቆባውያንን ምስጢር ለለንደን እየጻፈ የሚልክ አንድ ሰው ነበር። ሐኪሙ አርቺባልድ ካምሮን በስውር ወደ ስኮትላንድ ተመልሶ ተይዞ በ1753 ለንደን ላይ ሲሰቀል ለመያዙ የፒክል እጅ እንዳለበት ብዙ ተጽፏል። ማንነቱ ግን ከመቶ ዓመት በላይ ተሰውሮ ኖረ። ላንግ ደብዳቤዎቹን ጎን ለጎን አስቀምጦ ሲመረምር ፒክል ማለት አላስተር ሩዋ ማክዶኔል፣ የታላቁ የግሌንጋሪ ጎሳ አለቃ ልጅ፣ በኋላም ራሱ አለቃ የሆነው ሰው ነው አለ። ካስረጃዎቹ አንዱ ምን መሰላችሁ? የፊደል ስሕተት! ሰውየው በእንግሊዝኛ «ማን» የሚለውን ቃል ሊጽፍ ሲል «እንዴት» የሚለውን ይጽፋል፤ በገዛ ስሙ በጻፋቸው ደብዳቤዎችም፣ በፒክል ስም በጻፋቸውም። ቃለ ጽሕፈት ስናርም ዓይናችን ለሚፈዝ ሁሉ ይህ ጥሩ ወሬ ነው።

ከዚህ ላይ አንድ ሌላ ነገር ልጨምር፤ ለእኔ የዚህ ሁሉ ታሪክ ልቡ እሱ ነው። ልዑሉ ከኩሎደን ሸሽቶ አምስት ወር በተራራና በደሴት ሲንከራተት የያዘ ሰው የሚሸለመው 30,000 ፓውንድ ነበር። በዚያ ዘመን ይህ ገንዘብ ለአንድ ደጋማ ገበሬ በዕድሜ ልኩ ቀርቶ በሕልሙ የማይቆጥረው ነው። ልዑሉ የት እንዳለ የሚያውቀው ሰው ብዙ ነበር፤ እረኛ፣ ቀዛፊ፣ ያስጠለሉት ባልቴት፣ ሴት አስመስላ አልብሳ በጀልባ ያሻገረችው ፍሎራ ማክዶናልድ። አንዳቸውም አልሸጡትም፤ ሴፕቴምበር 20 ቀን 1746 በፈረንሳይ መርከብ አመለጠ። ዐመፁን ከሸጡት መሐል ግን የራሱ የልዑሉ ጸሐፊ የነበረው መሬይ ኦፍ ብሮተን አለ፤ ለነፍሱ ሲል በገዛ ጓዶቹ ላይ ምስክር ሆኖ ቆመ። ከዚያ ደግሞ ያ የአለቃ ልጅ፣ ፒክል። ደሀው 30,000ውን ናቀ፤ ጌታው ደመወዝተኛ ሆነ። ለተማሪ ከዚህ የበለጠ ምን የሚነገር አለ? ይህን የሚያሳየን ደግሞ የስለላው ታሪክ ነው። ሰላዩን ካወጣነው ጌቶቹ ሁሉ ታማኝ፣ ደሀው ሁሉ ስም የለሽ ሆኖ ይቀራል።

ስቲቨንሰን ይህ ነገር ሳይሸተው አልቀረም። «ዘ ማስተር ኦፍ ባላንትሬ» የተባለው ልብ ወለዱ በ1889፣ ማለትም ከላንግ መጽሐፍ 8 ዓመት ቀድሞ ወጣ። መጽሐፉ የሚጀምረው አንድ የባላባት ቤተሰብ ሳንቲም ሲወረውር ነው፦ አንዱ ወንድም ከልዑሉ ጋር ይዝመት፣ ሌላው ቤት ቀርቶ ለንጉሥ ጆርጅ ይገዛ፤ ማንም ቢያሸንፍ ርስቱ ከእጅ አይወጣም። የዘመተው ወንድም ስለ ክብር እያወራ ኖሮ በኋላ የእንግሊዝ መንግሥት ተከፋይ ሰላይ ሆኖ ይገኛል። ሳንቲሙ የደራሲው ፈጠራ ይሁን እንጂ ቤተሰብ በሁለት ወገን መሰለፉ በእውነትም የታየ ነው። የአቶል መስፍን ቤት አንዱን ወንድም ከመንግሥቱ ጋር፣ ሁለቱን ከልዑሉ ጋር አሰልፎ ነበር፤ ከሁለቱም አንዱ ቅድም ደርቢ ላይ ያየነው ሎርድ ጆርጅ መሬይ ነው።

«ኪድናፕድ»ን በተመለከተ፣ ባልደረባችን «የፈረስ ግልቢያ መጽሐፍ» ብለው ያለፉትን፣ እኔ የኢኮኖሚ ትምህርት እለዋለሁ። አለን ብሬክ የሚባለው ሰው ከፈረንሳይ በስውር እየመጣ ምን ይሰበስባል? የመሬት ግብር! ገበሬው አንድ ጊዜ ለንጉሥ ጆርጅ ሰብሳቢ ይከፍላል፤ ከዚያ ካለችው ላይ ቀንሶ ለተሰደደው አለቃው ሁለተኛ ይከፍላል። ዴቪድ የተባለው ልጅ ይህን ሲሰማ «ክቡር ሥራ ነው» ብሎ ይደነቃል። እዚህ ላይ መጽሐፉን ዘግቶ ተማሪውን «ለመሆኑ ይህ ፍቅር ነው ወይስ ጫና?» ብሎ መጠየቅ ነው። በ1745 ብዙው ገበሬ የዘመተው አለቃው ስላዘዘው ነው፤ ያልዘመተ የጎጆው ክዳን እንዲቃጠል የተዛተበትም ነበር። ደራሲው ይህን ጮክ ብሎ አይናገርም፤ አስተማሪው ግን መናገር ይችላል። አስተማሪ የቆመው ለዚህ መሰለኝ።

በዚሁ መጽሐፍ ውስጥ ስለሚገደለው የመንግሥት ሹም ስለ ኮሊን ካምቤልም እንዲሁ ነው። ግድያው በእውነት የተፈጸመው ሜይ 14 ቀን 1752 ነው፤ ስቲቨንሰን ወደ 1751 አምጥቶታል፤ ለመለወጡም ራሱ በመጽሐፉ መግቢያ ላይ ነገሩን አንሥቶታል። በግድያው ተባባሪ ነህ ተብሎ ጀምስ ስቱዋርት የተሰቀለ ጊዜ የፈረዱበት 15 ሰዎች ነበሩ፤ ከነዚያ 11ዱ ካምቤሎች፣ የችሎቱም ሰብሳቢ የካምቤሎች አለቃ! የሟች ዘመድ ዳኛ፣ የሟች ዘመድ ፈራጅ። አንዱን ዓመት ከልብ ወለዱ፣ ሌላውን ከታሪኩ አውጥቶ ሰሌዳ ላይ ጎን ለጎን መጻፍ የሁለት ደቂቃ ሥራ ነው። ከዚያ «ደራሲ ለምን ዓመት ይለውጣል?» ብሎ ክፍሉን ማነጋገር ነው።

አሁን ደግሞ ከባልደረባችን ጋር ወደምስማማበት ልምጣ። የእነዚህ መጻሕፍት ትልቁ ጉድለት ውሸታም ጀግና ማሳየታቸው አይደለም፤ የተሸነፈውን ማሳመራቸው ነው። ኩሎደን ላይ ከ1,000 በላይ የዐመፁ ወታደሮች ወደቁ፤ ከመንግሥቱ ወገን የሞተው 50 ያህል ነው ተብሎ ተመዘገበ። ከዚያ በኋላ የንጉሡ ልጅ የኩምበርላንድ መስፍን ወታደሮች በየሸለቆው ቤት አቃጠሉ፣ ከብት ነዱ። የደጋማውን ልብስ መልበስ በ1746 በሕግ ተከለከለ፤ እገዳው የተነሣው በ1782 ነው። ታዲያ በ1822 ንጉሥ ጆርጅ 4ኛ፣ ያ የኩምበርላንድ መስፍን የአያቱ ወንድም የሆነው ንጉሥ፣ ኤዲንብራን ሲጎበኝ ያንኑ ልብስ ለብሶ ብቅ አለ። ሰልፉንና ሥርዐቱን ያዘጋጀው ማን ነው? ዋልተር ስኮት! የ«ዌቨርሊ» ደራሲ። በዚያው ዘመን አካባቢ በሰሜን በሰዘርላንድ የመሬት ጌቶች ገበሬውን እያፈናቀሉ በግ ያሰማሩ ነበር። ልብሱ ከበረ፤ ለባሹ ተባረረ። ስለዚህ ልዑሉን እያሳመረ ገበሬውን የሚረሳ መጽሐፍ ተጠንቀቁት ሲሉ ባልደረባችን እውነት አላቸው። (ስለ «ዌቨርሊ» አንድ ተጨማሪ ቃል፦ የመጀመሪያዎቹ ምዕራፎች ስልቹ ናቸው፤ ያንን ከዝርዝሩ ቢያወጡት ከማንም ጋር አልጣላም። ግን ስኮት ዋና ሰውዬውን በሁለቱ ወገን መሐል ሲያወዛውዘው ሁለቱንም ሰፈር ገብተን እናያለን፤ ይህን አልነፍገውም።)

በፈረንሳይም ተመሳሳይ ነገር አለ። ባልዛክ በ1829 ያሳተመው «ሌ ሹዋን» በ1799 በብሪታኒ የተነሡትን ንጉሣውያን ሽፍቶች ይተርካል፤ ሰላይዋ ሴት ናት፤ የዐመፁን መሪ አባብላ እንድታስይዝ ከፓሪስ ትላካለች፤ ከዚያ ትወደዋለች። ፍቅሩን ልለፈው፤ ለክፍል አይሆንም። የሪፐብሊኩ አዛዥ ኡሎ ግን ወታደር ሆኖ በሴት ማባበል ጠላት መያዝን ሲጸየፈው ታዩታላችሁ። አንድ መንግሥት ትክክል ሆኖ የሚጠቀምበት መሣሪያ ግን ቆሻሻ ሊሆን ይችላል ወይ የሚለው ጥያቄ እዚያ ቁጭ ብሏል። የትኛው የመማሪያ መጽሐፋችን ነው ይህን የሚጠይቅ?

የእኛም አንባቢ ለስለላ ታሪክ እንግዳ አይደለም። ማሞ ውድነህ ስለ ጦርነትና ስለ ስለላ የጻፏቸውና የተረጎሟቸው መጻሕፍት ስንቱን ሰው አንባቢ እንዳደረጉ እናውቃለን። እናቱ «መብራቱን አጥፋ» እያለች እየጮኸች ብርድ ልብስ ውስጥ ያነበበ አለ በመሐላችን፤ እጁን ባያወጣም አለ። ያ ሰው ነው ዛሬ ወፍራም የታሪክ መጽሐፍ ሳይፈራ የሚያነሣው። ንባብ ያልለመደ ልጅ በደረቁ የዓመተ ምሕረት ሠንጠረዥ ስንቀበለው ዓመቱን ያጠናል፣ ይፈተናል፣ ይረሳል።

እንግዲህ ሐሳቤ ይህ ነው። ዝርዝሩን የሚያወጣው ኮሚቴ «ኪድናፕድ»ን ይተወው። ለልምምድ የሚወጣ ሠልጣኝ መጽሐፉን ለስልሳ ተማሪ ሊያድል አይችልም፤ አንድ ምዕራፍ ግን ጮክ ብሎ ማንበብ ይችላል። የግብሩን ምዕራፍ ያንብብ፤ ከዚያ ገበሬውን ሆነው፣ ሰብሳቢውን ሆነው፣ ሰላዩን ሆነው ሦስት ደብዳቤ ያስጽፋቸው። የሰላዩን ደብዳቤ የጻፈ ልጅ ገበሬው ያልተናገረውን ጨምሮ ቢገኝ አይቆጣው፤ ደብዳቤውን ለክፍሉ አንብቦ የቱ ላይ እንደጨመረ ያስፈልጋቸው። የደርቢውን ምክር ደግሞ ሰባት ስምንት ልጅ አስቀምጦ ማከራከር ነው፤ አንዱን በር ላይ አስቁሞ የኖርዝሃምፕተኑን 9,000 ወታደር ይዞ እንዲገባ ማድረግ፤ ውሸት መሆኑን ግን ከሱ በቀር ለማንም አለመንገር። ውሸቱ ሳይነገር በፊት «እንመለስ» ያሉትን ቆጥሮ ሰሌዳ ላይ መጻፍ፤ ከተነገረ በኋላም እንደገና መቁጠር። ሁለቱ ቁጥሮች ምን ያህል እንደሚራራቁ እኔም ለማየት ጓጉቻለሁ።

የቤተ መጻሕፍቱ «ኪድናፕድ» አንድ ቅጂ ብቻ ነው፤ አሁንም ቦታው ላይ የለም። ባልደረባችን ለመልስ ጽሑፋቸው ተበድረውት ከሆነ ደስ ይለኛል፤ እስከ ዓርብ ግን ቢመልሱልን፣ ወረፋ የያዝን ሦስት ሰዎች አለን።